የማርኩዘ ውርስና የመምህሩ ድርሻ

ኸርበርት ማርኩዘ የሚለው ስም በአብዛኛው የሚነሣው ከ1968ቱ የተማሪዎች ዐመፅ ጋር ተያይዞ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) በዚያን ጊዜ በአውሮፓ አደባባዮች የወጡ ወጣቶች ስሙን ከማርክስና ከማኦ ስም ጋር አሰልፈው ይጠሩት ነበር። ጋዜጦችም የዐመፁ አባት አደረጉት። እርሱ ግን ሰባ ዓመት የሞላው፣ አብዛኛውን ዕድሜውን ስለ ሄግልና ስለ ማርክስ ሲጽፍና ሲያስተምር የኖረ የዩኒቨርሲቲ መምህር ነበረ፤ የተሰጠውንም ማዕረግ አልተቀበለውም። ከዚያ ወዲህ ማርኩዘ የሚታወቀው ወይ የዐመፀኞች ነቢይ ወይም የወጣቶች አሳሳች ሆኖ ነው። በሁለቱም ወገን ከሚከራከሩት መካከል መጻሕፍቱን ያነበቡት ብዙዎች አይመስሉም።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ፈላስፋውን ማወደስም ማውገዝም አይደለም፤ የትምህርት ሠራተኞች ከሥራው ምን ሊወስዱ፣ ምንስ ሊተዉ እንደሚገባ መመርመር ነው። የአዘጋጁ አቋም ከወዲሁ ቢገለጽ ይሻላል። ማርኩዘ ለትምህርት ካበረከተው ሁሉ የሚልቀው፣ በ1964 በታተመው «ባለ አንድ ገጽታ ሰው» በተሰኘው መጽሐፉ ውስጥ ስለ ቋንቋና ስለ ማኅበራዊ ጥናት የጻፈው አንድ ምዕራፍ ነው። ለትምህርት እጅግ አስጊ የሆነው ሐሳቡ ደግሞ በማግስቱ ዓመት ባወጣው አጭር ድርሰት ውስጥ ይገኛል። ሁለቱ ከአንድ አእምሮ መፍለቃቸው ያስገርማል፤ ቢሆንም አንዱን ተቀብሎ ሌላውን መተው የሚቻል ይመስለናል።

ማርኩዘ በ1898 በበርሊን ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ለውትድርና ተመለመለ፤ በ1918 የጀርመን አብዮት በፈነዳ ጊዜም የበርሊን ወታደሮች ምክር ቤት አባል ሆነ። በ1922 በፍራይቡርግ ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ዲግሪውን ካገኘ በኋላ፣ በ1928 ወደዚያው ተመልሶ ከማርቲን ሃይደገር ዘንድ ጥናቱን ቀጠለ። ሃይደገር በ1933 የናዚ ፓርቲ አባል ሲሆን ማርኩዘ በዚያው ሰሞን አገሩን ጥሎ ተሰደደ። በ1923 በፍራንክፈርት ተቋቁሞ በማክስ ሆርክሃይመር ይመራ የነበረው የማኅበራዊ ምርምር ተቋም ባልደረባ ሆኖ፣ በጄኔቭ በኩል በ1934 ኒው ዮርክ ገባ። ከ1943 ጀምሮ በአሜሪካ መንግሥት የስለላ መሥሪያ ቤት የምርምር ክፍል ውስጥ ስለ ናዚ ጀርመን ያጠና ነበር፤ ከጦርነቱም በኋላ እስከ 1951 በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ሠርቷል። በዚህ የተነሣ ከቀኝም ከግራም ተነቅፏል። ከ1954 እስከ 1965 በብራንዳይስ ዩኒቨርሲቲ፣ ከዚያም በሳን ዲዬጎ በሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ አስተማረ። በሳን ዲዬጎ ሳለ ከሥራው እንዲሰናበት የአካባቢው የጦር አርበኞች ማኅበር ግፊት አድርጓል፤ የግድያ ዛቻም ደርሶታል። በ1979 ለጉብኝት በሄደባት በጀርመን አገር አረፈ።

«ሂሳዊ ቲዎሪ» የሚባለው አስተሳሰብ ስሙን ያገኘው ሆርክሃይመር በ1937 ካሳተመው ድርሰት ነው። የሐሳቡ ፍሬ ነገር እንዲህ ነው። ልማዳዊው ቲዎሪ ክስተቶችን ሰብስቦ ይመድባል፤ ተመራማሪውም ከሚያጠናው ኅብረተሰብ ውጭ እንደ ቆመ ይቆጠራል። ሂሳዊው ቲዎሪ ግን ክስተቱ ራሱ እንዴት ክስተት እንደ ሆነ፣ በማን ድካም እንደ ቆመና ማንን እንደሚጠቅም ይጠይቃል። ተመራማሪውም ከጥያቄው ውጭ አይደለም።

እዚህ ላይ ስለ ቃሉ አንድ ነገር ማንሣት ያስፈልጋል። «ሂስ» የሚለው ቃል ለብዙ አንባቢዎቻችን የሚያስታውሰው በደርግ ዘመን፣ ማለትም ከ1974 እስከ 1991 ባለው ጊዜ፣ በየውይይት ክበቡና በየመሥሪያ ቤቱ ይካሄድ የነበረውን «ሂስና ግለ ሂስ» ነው። ያ ሥርዓት ስሙ ሂስ ይባል እንጂ መልሱ ከስብሰባው አስቀድሞ የታወቀ ነበር፤ ሰውየው ይነሣል፣ ጥፋቱን ይናዘዛል፣ ይቀመጣል። የተጠየቀው ሰው እንጂ ሥርዓቱ አልነበረም። የሆርክሃይመርና የማርኩዘ ሂስ ጥያቄውን የሚያቀርበው ከዚህ በተቃራኒው አቅጣጫ ነው። አንድ ቃል በስብሰባ ብዛት ተልጦ ትርጉሙን ሊገለብጥ መቻሉ ራሱ ከዚህ በታች ለምንነጋገርበት ነገር ጥሩ ምሳሌ ይሆናል።

ማርኩዘ በ1955 «ኤሮስና ሥልጣኔ» በተባለው መጽሐፉ፣ ሥልጣኔ ያለ እገዳ አይቆምም የሚለውን የፍሮይድን አስተያየት ተቀብሎ ለሁለት ከፈለው፤ ለማንኛውም ኅብረተሰብ የግድ የሆነ እገዳ አለ፤ ገዥዎች ሥልጣናቸውን ለማጽናት የሚጨምሩት ትርፍ እገዳም አለ። ይህ ልዩነት ስለ ፈተናና ስለ ትምህርት ቤት ዲሲፕሊን ለሚጽፍ ሰው ብዙ የሚያስቆፍር ቢሆንም የዛሬው ጉዳያችን አይደለም። የ1964ቱ መጽሐፍ ከዚያ ይበልጥ ጨለም ያለ ነው። በእርሱ እምነት በኢንዱስትሪ የበለጸገው ኅብረተሰብ ተቃዋሚዎቹን የሚያሸንፈው በእስር ቤት ብቻ ሳይሆን በጥጋብም ነው። ሠራተኛውና አሠሪው አንድ ዓይነት የቴሌቪዥን ፕሮግራም ሲመለከቱ፣ አንድ ዓይነት የመዝናኛ ስፍራ ሲጎበኙ፣ መደቦች ጠፉ ማለት አይደለም፤ መደቦቹ ያሉበትን ሥርዓት ለማቆየት የሚያገለግሉት ፍላጎቶች ለሁሉም ተዳረሱ ማለት ነው። ሰው «ያለው» እና «ሊሆን የሚገባው» የሚሉትን ሁለት ነገሮች ለይቶ የማሰብ ችሎታውን ያጣል። «አንድ ገጽታ» ማለት ይህ ነው።

አንዳንድ የሥራ ባልደረቦች ይህን ከሰምና ወርቅ ጋር ማነጻጸር ይወዳሉ፤ ባለ አንድ ገጽታ ሰው ሰሙን ብቻ ሰምቶ የሚሄድ ነው ይላሉ። ንጽጽሩ ያምራል፤ ግን አይገጥምም። በቅኔ ወርቁን የሚሰውረው ባለ ቅኔው ራሱ ነው፣ የሚያውቅም ያገኘዋል። ማርኩዘ የሚናገርለት ሁለተኛ ገጽታ ግን ማንም አስቦ ያልሰወረውና ገና ያልተፈጸመ ነገር ነው።

አሁን ወደ ዋናው ምዕራፍ እንግባ። በመጽሐፉ አራተኛ ምዕራፍ ማርኩዘ የሕዝብ አስተዳደር፣ የንግድ ማስታወቂያና የጋዜጣ ቋንቋ እንዴት ሐሳብን እንደሚዘጋ ያሳያል። ዘዴዎቹ ቀላል ናቸው። አንደኛው ምሕጻረ ቃል ነው፤ የድርጅት ስም በመጀመሪያ ፊደላቱ ብቻ ሲጠራ፣ የተዘረዘረው ስም ሊያስነሣው የሚችለው ጥያቄ አብሮ ይሰረዛል። በምሳሌነት ከሚጠቅሳቸው አንዱ ኔቶ ነው። «የሰሜን አትላንቲክ የቃል ኪዳን ድርጅት» ሲባል ግሪክና ቱርክ ከመቼ ወዲህ የሰሜን አትላንቲክ አገሮች ሆኑ ብሎ የሚጠይቅ ይኖራል፤ «ኔቶ» ሲባል ግን የሚጠይቅ የለም። ሁለተኛው፣ የሚቃረኑ ቃላትን በአንድ ሐረግ አስሮ ቅራኔውን ማጥፋት ነው፤ «ንጹሕ ቦምብ» የሚለው አነጋገር ከነዚህ አንዱ ነው። ቃሉ ሐሳብን መግለጡን ትቶ ሐሳብን መዝጊያ ይሆናል።

ይህ ሁሉ ለጋዜጠኛ የሚጠቅም ነው እንጂ ለመምህር ምኑ ነው የሚል ቢኖር፣ ማርኩዘ ቀጥሎ የሚያነሣውን የኢንዱስትሪ ጥናት ልብ ይበል። በቺካጎ አጠገብ በነበረው በዌስተርን ኤሌክትሪክ ኩባንያ የሆውቶርን ፋብሪካ ከ1924 ጀምሮ ለዓመታት ጥናት ተካሂዶ፣ ከሃያ ሺህ የሚበልጡ ሠራተኞች በቃለ መጠይቅ ተጠይቀው ነበር። ውጤቱም በ1939 በመጽሐፍ ወጣ። ተመራማሪዎቹ ሠራተኞች የሚያቀርቡት አቤቱታ ግልጽነት የጎደለው ሆኖ ስላገኙት፣ ሊመረመርና ሊፈታ በሚችል አነጋገር መልሰው ጻፉት። «መታጠቢያ ቤቶቹ ንጽሕና የላቸውም» የሚለው፣ በዚህ ቀን፣ በዚህ ሰዓት፣ በዚህኛው ገንዳ ላይ ቆሻሻ ነበረ ወደሚል ተለወጠ። «የሥራችን ዋጋ ዝቅተኛ ነው» ያለውን ሠራተኛ ደግሞ ጠጋ ብለው ሲጠይቁት፣ ሚስቱ ሆስፒታል ተኝታ የሐኪም ዕዳ እንዳስጨነቀው ነገራቸው። አቤቱታውም የአንድ ሠራተኛ የቤተሰብ ችግር ሆኖ ተመዘገበ።

ማርኩዘ የሚለው፣ በዚህ ትርጉም ላይ አንድ ነገር ጠፍቷል ነው። ሠራተኛው «የሥራችን ዋጋ» ሲል ስለ ራሱ ብቻ አልተናገረም፤ ስለ ባልደረቦቹ፣ ስለ ፋብሪካው፣ ከዚያም አልፎ ስለ ደመወዝ ሥርዓት ተናግሯል። ግልጽነት የለውም የተባለው ነገር በእውነቱ ጠቅላላነቱ ነበር። ጥናቱ ጠቅላላውን ነገር አጥፍቶ ነጠላውን ሲያስቀር፣ ችግሩ በነባሩ ሥርዓት ውስጥ ሊታከም የሚችል ሆነ። ሥርዓቱ ራሱ ከጥያቄ ነጻ ወጣ። ይህም የሆነው ማንም ሳይዋሽ፣ ማንም መረጃ ሳይሰርዝ ነው። የማርኩዘ ትንታኔ ኃይሉ እዚህ ላይ ነው፤ ክፉ አሳብ ያለው ሰው አይፈልግም፣ የጥናቱን ዘዴ ብቻ ያሳያል።

የትምህርት ጥናት የሚያካሂድ፣ መጠይቅ የሚያዘጋጅ፣ ሪፖርት የሚያጠናቅር ሁሉ ይህን ምሳሌ ከራሱ ሥራ ጋር ቢያስተያየው ይበጃል። አንድ የገጠር መምህር «የምናስተምረው ትምህርት ከልጆቹ ኑሮ ጋር አይገናኝም» ብሎ ተናገረ እንበል። አጥኚው፣ እንዴት ማለትዎ ነው፣ በየትኛው ትምህርት፣ በየትኛው ምዕራፍ፣ ብሎ ይጠይቀዋል። መምህሩም በሳይንስ መጽሐፉ ውስጥ የተሣለው መሣሪያ በትምህርት ቤቱ እንደሌለ ይናገራል። በሠንጠረዡ ላይ «የትምህርት መርጃ መሣሪያ እጥረት» ተብሎ ይመዘገባል። መሣሪያው በሚቀጥለው ዓመት ቢላክም ያ መምህር የተናገረው ነገር አልተመለሰም፤ እንዲያውም አልተሰማም። ወይም አንዲት መምህርት ልጆች በመኸር ወራት የሚቀሩት ወላጆቻቸው ያለ እነርሱ እጅ እህሉን ማንሣት ስለማይችሉ ነው ብትል፣ ቃሏ «የወላጆች የግንዛቤ ማነስ» በሚለው ረድፍ ውስጥ ሲገባ ስለ መሬት፣ ስለ ጉልበትና ስለ ትምህርት ዘመን አቆጣጠር ያነሣችው ነገር ሁሉ ወደ ገበሬው ጭንቅላት ይዛወራል።

እዚህ ላይ ግን ለማርኩዘ ሁሉን መስጠት አይገባም። ገንዳው ቆሽሾ ከነበረ መታጠብ ነበረበት፤ መታጠብ የሚችለውም የትኛው ገንዳ እንደሆነ ሲታወቅ ነው። መሣሪያ የሌለው ትምህርት ቤት መሣሪያ ማግኘቱ ትንሽ ነገር አይደለም። ማርኩዘ ራሱ እንዲህ ያለው አሠራር ችግረኛውን ሰው ሊረዳ እንደሚችል አልካደም። ነገር ግን ከነጠላው ችግር ወደ ጠቅላላው መልሶ ለመውጣት የሚያስችል ጥናት ምን እንደሚመስል አላሳየንም። ዕቅድ አውጪ ያለ ሠንጠረዥ ሊሠራ አይችልም። መምህሩ ከተናገረው ውስጥ በረድፍ ያልገባውን ቃል በቃል ጽፎ ከሠንጠረዡ ጎን ማቆየት፣ ሲተነተንም ከቁጥሩ እኩል መመርመር፣ ቢያንስ የመጀመሪያው እርምጃ ይመስለናል። ይህ ከማርኩዘ የተወሰደ ሳይሆን በእርሱ ላይ የተጨመረ ነው።

ከዚህ የሚከብደው ጥያቄ ስለ ፍላጎት የሚለው ነው። ማርኩዘ «እውነተኛ» እና «ሐሰተኛ» ፍላጎቶችን ይለያል፤ ሐሰተኛዎቹ ኅብረተሰቡ ለራሱ ጥቅም በሰው ላይ የጫናቸው ናቸው። የቱ እውነተኛ፣ የቱ ሐሰተኛ እንደሆነ የሚፈርደው ማን ነው? በመጨረሻ ፈራጆቹ ሰዎቹ ራሳቸው ናቸው ይላል፤ ነገር ግን ይህ የሚሆነው የራሳቸውን መልስ ለመስጠት ነጻ በወጡ ጊዜ ብቻ ነው፤ እስከዚያ ድረስ የሚሰጡት መልስ የራሳቸው አይደለም። ታዲያ እስከዚያ ድረስ ማን ይናገርላቸው?

በ1965 የወጣው «አፋኝ መቻቻል» የተባለው ድርሰት ለዚህ የሰጠው መልስ ነው። መነሻው ትክክል ነው፤ ኃይለኛውና ደካማው እኩል የመናገር መብት አላቸው ቢባልም፣ ኃይለኛው ጋዜጣና ራዲዮ በእጁ ሲሆን መቻቻል ለኃይለኛው ያደላል። መደምደሚያው ግን ጦረኝነትን፣ የዘርና የሃይማኖት አድልዎን ለሚያራምዱ፣ የሕዝብ አገልግሎት እንዲስፋፋ ለማይፈልጉ ወገኖች መቻቻል ይነፈግ የሚል ነው። በትምህርት ቤቶችና በዩኒቨርሲቲዎች በሚሰጠው ትምህርት ላይም አዲስና ጥብቅ ገደብ ሊያስፈልግ ይችላል ይላል። ይህን የሚወስኑት እነማን ናቸው ሲባል፣ በነጻነትና በምክንያት ማሰብን የተማሩ ሁሉ ይላል። እነዚህን ሰዎች ግን የት እናገኛቸዋለን? ማርኩዘ ራሱ በዓመቱ ቀደም ብሎ፣ ኅብረተሰቡ እንዲህ ያሉ ሰዎች እንዳይፈጠሩ አድርጎ እንደተሠራ በሙሉ መጽሐፍ አስረድቶ ነበር። አስተማሪው ራሱ መማር እንዳለበት ማርክስ በ1845 ስለ ፎየርባኽ በጻፋቸው ማስታወሻዎች አሳስቧል፤ ማርኩዘ ማስታወሻውን ጠንቅቆ ያውቀዋል፤ እዚህ ድርሰት ውስጥ ግን ረሳው። ምን መማር እንደሌለበት የሚወስን አካል የሚታወቅባቸው አገሮች አስተማሪዎች የዚህን ሐሳብ ፍጻሜ ለመገመት ብዙ ማሰብ አያስፈልጋቸውም።

አዘጋጁን ከማርኩዘ ጋር የሚያስታርቀው ከድርሰቱ ይልቅ ማርኩዘ በተግባር ያሳየው ነገር ነው። በጃንዋሪ 31 ቀን 1969 በፍራንክፈርት ተማሪዎች ወደ ማኅበራዊ ምርምር ተቋሙ ገቡ፤ የማርኩዘ የረጅም ጊዜ ባልደረባ ቴዎዶር አዶርኖና ጓደኞቹ ፖሊስ ጠሩ፤ 76 ተማሪዎች ተያዙ። ማርኩዘ በኤፕሪል ከአሜሪካ ለአዶርኖ ደብዳቤ ጻፈ። ምርጫው ፖሊስ ወይስ ተማሪዎች ከሆነ፣ ሕይወት ላይ አደጋ ካልመጣ በቀር፣ እኔ ከተማሪዎች ጋር ነኝ አለው። ግን በዚያው ደብዳቤ ወቅቱ የአብዮት ወቅት አይደለም፣ የአብዮት ዋዜማም አይደለም ሲል ከአዶርኖ ጋር ተስማማ። አዶርኖ መለሰለት፤ ተማሪዎቹ ውስጥ ጨካኝነት እንዳየ፣ ተቋሙንም የመጠበቅ ግዴታ እንዳለበት ጻፈ። ተማሪዎች ትምህርቱን ስላወኩበት ንግግሩን አቋርጦ ነበር። ክርክሩ ሳይቋጭ በኦገስት 6 ቀን 1969 በስዊዘርላንድ ዐረፈ። ሁለት ሽማግሌዎች፣ ሁለቱም ከናዚ ያመለጡ፣ አንዱ በተማሪው ውስጥ ተስፋን፣ ሌላው የሚያውቀውን አደጋ አየ። ክፍሉ ውስጥ ቆሞ የሚያውቅ መምህር ለማን እንደሚፈርድ ከወዲሁ ባያውቅ አያስነቅፈውም።

ማርኩዘ ከተማሪዎቹ ጋር ቢቆምም ዩኒቨርሲቲው ይፍረስ ለሚሉት አልተባበረም። በ1972 ባሳተመው «ፀረ አብዮትና ዐመፅ» በተባለው መጽሐፍ የወጣቶቹን ፀረ ምሁርነት ነቅፎ፣ ተቋማቱን ከውስጥ ሆኖ መለወጥ ያስፈልጋል አለ። ይኸውም ሥራን በሚገባ እየሠሩ፣ እየተማሩ፣ ሁሉንም ዓይነት ትምህርት ማስተማርን፣ ኮምፒዩተር ማንበብን፣ መገናኛ ብዙኃንን መጠቀምን፣ ምርትን ማደራጀትን እየለመዱ ነው። ሰባት ዓመት ቀደም ብሎ የመናገር መብትን ለመንፈግ ሲያስብ የነበረው ሰው ሥራን ጠንቅቆ ማወቅ የለውጥ መንገድ ነው ወደሚል መድረሱ የማይናቅ እርምጃ ነው። ይህን ያጤኑ ተቺዎች ጥቂት ናቸው። አላስዴር ማኪንታየር በ1970 ባወጣው መጽሐፍ ማርኩዘን ሲያብጠለጥል ይህኛው መጽሐፍ ገና አልወጣም ነበር፤ የሶቪየት ኅብረቱ ጋዜጣ ፕራቭዳም በ1968 ያወገዘው ከዚህ በፊት ነው።

ከተማሪዎቹ መካከል ስሟ በይበልጥ የታወቀው አንጀላ ዴቪስ ናት። በብራንዳይስ ከእርሱ ተማረች፤ ወደ ፍራንክፈርት ሄዳም ከእነ አዶርኖ ዘንድ ተከታተለች፤ ከዚያ ወደ ሳን ዲዬጎ ተመልሳ ዳግመኛ የእርሱ ተማሪ ሆነች። በ1969 የኮሚኒስት ፓርቲ አባል በመሆኗ በሎስ አንጀለስ ከሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ መምህርነቷ ስትባረር፣ በ1970 ታስራ በ1972 ፍርድ ቤት ነጻ ሲያወጣት ማርኩዘ ድጋፉን አልነፈጋትም። ሌላው ደቀ መዝሙሩ አንድሩ ፊንበርግ የመምህሩን የቴክኖሎጂ ሂስ ወደ አሠራር ጥያቄ ለውጦ ቀጠለበት። የማርኩዘ አስከሬን አመድ በ2003 ከአሜሪካ ወደ በርሊን ተወስዶ ሄግል ባረፈበት መቃብር ስፍራ ተቀብሯል።

የ1964ቱን መጽሐፍ ወደ አማርኛ ለመመለስ የሚነሣ ሰው አራተኛውን ምዕራፍ እንዳለ ሊተረጉመው አይችልም። ምሕጻረ ቃሎቹ የእኛ አይደሉም፤ የጋዜጣው ሐረጎችም ከስድሳ ዓመት በፊት የነበሩ የአሜሪካ ሐረጎች ናቸው። ተርጓሚው በገጹ ግርጌ ከየዕለቱ ሪፖርት፣ ከስብሰባ ቃለ ጉባኤ፣ ከመጠይቅ የተለቀሙ የአማርኛ ምሳሌዎችን ማኖር ይኖርበታል። ይህን የመልቀም ሥራ ለአስራ አንደኛና ለአስራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪዎች በአማርኛ ትምህርት ክፍለ ጊዜ መስጠት ይቻላል፤ አንድ ጋዜጣ፣ አንድ ማስታወቂያና አንድ የመሥሪያ ቤት ደብዳቤ ይበቃል። ከመሥሪያ ቤቶቹም መካከል የትምህርት መሥሪያ ቤት ደብዳቤ አይቅር።